ሽለላና ፓንክ ሮክ ስለ ተገናኙበት ሸክላ

ፓንክ ሮክ የሚባለው ሙዚቃ በአሜሪካና በእንግሊዝ አገር የተነሣው እንደ ኤውሮጳ አቈጣጠር በ1970ዎቹ አጋማሽ ነው። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በዚሁ አቈጣጠር ናቸው።) ዘፈኖቹ አጫጭር፥ ምታቸው ፈጣን፥ ድምፃቸውም ሻካራ ነው። ቡድኖቹ አንድ ሁለት ዘፈን በትንሽ ሸክላ አስቀርጸው ያወጡ ነበር። አቀባበሉም እንደ ሰሚው ይለያይ ነበር፤ በ1977 ሴክስ ፒስትልስ የተባለው ቡድን ንግሥቲቱን የሚነካ ትንሽ ሸክላ ባወጣ ጊዜ የቢ.ቢ.ሲ. ራዲዮ አላሰማም አለ፤ ወጣቶቹ ግን ተሻምተው ገዙት።

ይህ ሙዚቃ ከእኛ ጋር ምን ያገናኘዋል ቢሉ፥ የሚያገናኘው ሽለላ ነው። ሽለላ አባቶቻችን ወደ ጦር ሜዳ ከመዝመታቸው በፊት ልባቸውን ያነሣሡበት ዜማ ነው። እንደ እሹሩሩ ጆሮን ለማባበል አልተሠራም፤ የተኛውን ሊቀሰቅስ፥ የፈራውን ሊያደፋፍር ነው እንጂ።

ይህን ዜማ ከሰው ጉሮሮ ወስደው በሳክስፎን ካሰሙት የመጀመሪያዎቹ አንዱ አቶ ጌታቸው መኩሪያ ናቸው። በ1935 ተወልደው በልጅነታቸው ክራርና መሰንቆ ተማሩ። በ1949 በአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤት የሙዚቃ ጓድ ሥራ ጀመሩ፤ በ1955 ከሰፈራችን ከጳውሎስ ቁልቁል ወርደን በምናገኘው፥ ዛሬ ብሔራዊ ቴአትር በሚባለው በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር ገቡ፤ በ1965 ደግሞ ወደ ፖሊስ ኦርኬስትራ ተዛወሩ። ሲጫወቱም እንደ ጥንቱ አርበኛ ጐፈር ደፍተው ለምድ ለብሰው መድረክ ላይ ይወጡ ነበር። የውጭ አገር ሙዚቃ ዐዋቂዎች አነፋፋቸውን ከአሜሪካዊው ከአልበርት አይለር ጋር ያመሳስሉታል፤ እርሳቸው ግን ወደዚያ የደረሱት በሽለላ መንገድ ነው።

ፈረንሳዊው ፍራንሲስ ፋልሴቶ ኢትዮፒክ በሚባለው ተከታታይ ሥራው 14ኛውን ክፍል በ2003 የአቶ ጌታቸው አደረገው። በ1979 የተቋቋመው ዘ ኤክስ የተባለው የሆላንድ ፓንክ ቡድንም በ2002 ወደ አገራችን መጥቶ ነበር፤ በ2004 የ25ኛ ዓመት በዓሉን በአምስተርዳም ሲያከብር አቶ ጌታቸውን ጋበዛቸው። ከዚያም በኋላ ዐብረን ሸክላ እናስቀርጽ ብለው የጠየቁት እኒህ የ69 ዓመት ሰው ራሳቸው ነበሩ። በ2006 «ሞዓ አንበሳ» ወጣ፤ ትርጕሙም በግእዝ አንበሳ ድል ነሣ ማለት ነው።

ሥራው በኤውሮጳና በአሜሪካ ብዙ ምስጋና አገኘ። በ2008 በኒው ዮርክ ሊንከን ሴንተር ዐብረው ተጫወቱ፤ በ2012ም «የአንበሳው ትዝታ» የተባለውን ሁለተኛ ሥራቸውን አወጡ። አቶ ጌታቸው በ2016 ዐረፉ።

ምናልባት ከወላጆቻችን መካከል «ይህ ጩኸት ነው፤ የአባቶችን ዜማ ማዋረድ ነው» የሚል ይኖር ይሆናል። ቅር መሰኘቱ ያለ ምክንያት አይደለም፤ ጊታሮቹ በእውነት ይጮኻሉ። ነገር ግን ማን ወደ ማን እንደ ሄደ ማስተዋል ይገባል። ዜማው የእኛ ነው፤ መሪው ሳክስፎን ነው፤ ጊታሮቹ የሚያደርጉት አዝማች ሲያቅራራ ዙሪያውን የከበቡት ሰዎች ያደርጉት የነበረውን ነው። ሽለላውን አለስልሰው ለእንግዳ ጆሮ ቢያመቻቹት ኖሮ፥ ያን ጊዜ ተዋረደ ማለት በተገባ ነበር።

እኛ ተማሪዎች በዓለም ፊት ለመሰማት የሌላውን መምሰል ያስፈልጋል ሲባል ብዙ ጊዜ እንሰማለን። የዚህ ሸክላ ታሪክ ግን ሌላ ያስተምራል። እውነቱን ለመመርመር የሚፈልግ፥ በመጀመሪያ አቶ ጌታቸው በአዲስ አበባ ከኢትዮጵያውያን ጋር የተቀረጹትን ሽለላ ይስማ፤ ቀጥሎ «ሞዓ አንበሳ»ን ይስማ። አጃቢው ተለውጧል፤ የሳክስፎኑ ትንፋሽ ግን ያው የሸላዩ ትንፋሽ ነው።