ከመሸከም ወደ አብሮ መሮጥ፦ ስፖርትና አካል ጉዳተኛ ወገኖቻችን



እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ልጆች በቤተ ክርስቲያን ግቢ ወይም በአቅራቢያው ባለው ሜዳ ኳስ ሲጫወቱ ማየት ለሁላችንም የተለመደ ነው። በሁለት ቡድን ይከፈላሉ፤ ሹራባቸውንና ጫማቸውን አውልቀው ከሜዳው ዳር ይከምራሉ። ከዚያ ክምር አጠገብ ብዙ ጊዜ አንድ ልጅ ተቀምጦ እናያለን። እግሩ የሰለለ፣ ወይም ዓይኑ የማያይ፣ ወይም ነገር ቶሎ የማይገባው ልጅ ነው። ጓደኞቹ አልጠሉትም፤ አልሰደቡትምም። ይልቁንም «አንተ ልብስ ጠብቅልን» ብለው ሥራ ሰጥተውታል። እኛ አዋቂዎቹም «ጎሽ፣ አልረሱትም» ብለን እናልፋለን።

በዚህ ጽሑፍ ልንመረምረው የምንፈልገው ጥያቄ ከዚያ የልብስ ክምር አጠገብ ይጀምራል። ያ ልጅ በመካከላችን አለ፤ ነገር ግን ከእኛ ጋር ነውን? ጨዋታ ትንሽ ነገር ሊመስል ይችላል። ይሁን እንጂ ልጅ ከእኩዮቹ እኩል መሆኑን አስቀድሞ የሚያውቀው በጨዋታ ነው። አባቶቻችንም በገና ጨዋታ ዕለት ጌታና ሎሌ በአንድ ሜዳ እኩል እንዲሆኑ ያደረጉት ይህን ስለሚያውቁ ነው። ስለዚህ ከጨዋታ የተለየ ልጅ የተነፈገው ኳስ ብቻ አይደለም።

1. የእምነታችን ትምህርት

ጌታችን ዕውር ሆኖ የተወለደውን ሰው ባየ ጊዜ ደቀ መዛሙርቱ የጠየቁት ማን ኃጢአት እንደ ሠራ ነበር። ጌታም ሰውየውንም ወላጆቹንም ከዚህ ክስ ነጻ አደረጋቸው (ዮሐ. ም. 9)። ይህ ቃል ከተነገረ ሁለት ሺህ ዓመት ሊሞላው ቢቃረብም፣ ዛሬም «ምን በድለው ይሆን?» የሚለውን ሐሜት ፈርተው ልጃቸውን በጓዳ የሚያውሉ ወላጆች በአካባቢያችን አሉ። እነዚህን ወላጆች ከመውቀሳችን በፊት፣ ልጁን ይዘው ቢወጡ እኛ እንዴት እንደምንቀበላቸው ራሳችንን እንጠይቅ።

ቅዱስ ጳውሎስ ስለ ክርስቶስ አካል ሲያስተምር፣ ደካማ የሚመስሉት ብልቶች ይልቁን አስፈላጊዎች መሆናቸውን ገልጿል (1ቆሮ. ም. 12)። ይኸው ሐዋርያ በዚያው መልእክት በምዕራፍ 9 የክርስትናን ሕይወት በሩጫ ሜዳ መስሎ ያስተምራል። ሁለቱን ምዕራፎች አገናኝተን ብናነብብ፣ ወደዚያ ሩጫ የተጠራው አካሉ በሙሉ ነው እንጂ ጠንካሮቹ ብልቶች ብቻ እንዳልሆኑ እንረዳለን።

የተባበሩት መንግሥታት ድርጅት እ.ኤ.አ. 1981 ዓ.ም.ን የአካል ጉዳተኞች ዓመት ብሎ በሰየመ ጊዜ፣ ቅድስት መንበር ባወጣችው ሰነድ አካል ጉዳተኛ ሙሉ ሰብእና ያለውና የማይደፈር መብት ባለቤት መሆኑን፣ ዐቅሙ በሚፈቅደው ደረጃ ሁሉ በኅብረተሰቡ ሕይወት እንዲሳተፍም መንገዱ ሊመቻችለት እንደሚገባ አስተምራለች። በመንግሥታት ዘንድም እ.ኤ.አ. በ2006 ዓ.ም. የጸደቀውና ሀገራችን በ2010 ዓ.ም. የተቀበለችው የአካል ጉዳተኞች መብቶች ስምምነት፣ በአንቀጽ 30 አካል ጉዳተኛ ልጆች ከሌሎች ልጆች እኩል በጨዋታና በስፖርት እንዲሳተፉ ይደነግጋል። እንግዲህ ልጁን ወደ ሜዳ ማስገባት የምናደርግለት ቸርነት ሳይሆን የሚገባው ነገር ነው።

2. በአንዲት ከተማ ሁለት ታሪኮች

(ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ሉድቪግ ጉትማን አይሁዳዊ የነርቭ ሐኪም ነበር። በ1939 ዓ.ም. ከናዚ ጀርመን ሸሽቶ እንግሊዝ ገባ፤ በ1944 ዓ.ም. በስቶክ ማንደቪል ሆስፒታል አከርካሪያቸው የተጎዳ ሰዎች የሚታከሙበትን ክፍል ከፈተ። በዚያን ዘመን እንዲህ ያለ ጉዳት የደረሰበት ሰው ሞቱን እየጠበቀ በአልጋ ላይ እንደሚቀር ይታሰብ ነበር። ጉትማን ግን ሕሙማኑን ከአልጋ አስነሥቶ በተሽከርካሪ ወንበር ላይ እንዳሉ ስፖርት እንዲሠሩ አደረገ። ሐምሌ 29 ቀን 1948 ዓ.ም. የለንደን ኦሎምፒክ በተከፈተበት ዕለት 16 የቆሰሉ ወታደሮች፣ ወንዶችና ሴቶች፣ በሆስፒታሉ ግቢ የቀስት ውድድር አደረጉ።

ከ12 ዓመት በኋላ ይህ ውድድር ወደ ሮማ ደረሰ። መስከረም 10 ቀን 1960 ዓ.ም. አበበ ቢቂላ በሮማ ጎዳናዎች በባዶ እግሩ ሮጦ ማራቶንን ማሸነፉን የማያውቅ ኢትዮጵያዊ የለም። ከዚያ በኋላ በስምንተኛው ቀን፣ በዚያችው ከተማ፣ ከ23 አገሮች የመጡ 400 ያህል አካል ጉዳተኞች ዛሬ የመጀመሪያው ፓራሊምፒክ ተብሎ የሚታወቀውን ውድድር መጀመራቸውን የምናውቅ ግን ጥቂቶች ነን። ርእሰ ሊቃነ ጳጳሳት ዮሐንስ 23ኛም ተወዳዳሪዎቹን በቫቲካን ተቀብለዋቸው ነበር።

በዚያ ውድድር ጊዜ የታየ አንድ ነገር ለትምህርታችን ይጠቅመናል። እንግዶቹ ያረፉባቸው ቤቶች ከፍ ባሉ ምሰሶዎች ላይ የተሠሩ በመሆናቸው መግቢያቸው በደረጃ ነበር። ስለዚህ የኢጣልያ ወታደሮች ተወዳዳሪዎቹን ከነወንበራቸው ተሸክመው ያወጧቸውና ያወርዷቸው ነበር። የወታደሮቹ አገልግሎት የሚመሰገን ነው። ነገር ግን እነዚያ ሰዎች በሜዳ ላይ በራሳቸው ክንድ እየተወዳደሩ፣ ማታ ወደ ማደሪያቸው ለመግባት የሰው ትከሻ ይጠብቁ ነበር። ለመሸከም ፈቃደኛ ሰው ሲገኝ፣ ደረጃው ለምን ተሠራ ብሎ የሚጠይቅ ሰው ሊጠፋ ይችላል።

3. እንግዳ ሆኖ ተጠርቶ ተወዳዳሪ የሆነው

ሻምበል አበበ ቢቂላ በ1964 ዓ.ም. በቶኪዮ ዳግመኛ አሸነፈ። በመጋቢት 1969 ዓ.ም. ግን በደረሰበት የመኪና አደጋ መራመድ ተሳነው። ለሕክምና የተላከውም ጉትማን ክፍሉን ወደ ከፈተበት ወደ ስቶክ ማንደቪል ነበር። ክንዶቹ ኃይላቸው ሲመለስ ቀስት መወርወርና የጠረጴዛ ቴኒስ ተለማመደ፤ በ1970 ዓ.ም. በስቶክ ማንደቪል ጨዋታዎች ተወዳደረ። በ1971 ዓ.ም. በኖርዌይ ለተደረገው የአካል ጉዳተኞች ውድድር የተጠራው በክብር እንግድነት ነበር። እርሱ ግን ተመልካች ሆኖ መቀመጥን አልመረጠም። በቀስትና በጠረጴዛ ቴኒስ ተወዳደረ፤ ውሾች በሚጎትቱት የበረዶ ሸርተቴ ውድድርም አሸነፈ። ጥቅምት 25 ቀን 1973 ዓ.ም. በ41 ዓመቱ ዐረፈ።

ከዚህ ታሪክ የምንማረው ምንድን ነው? አበበ ከወንበሩ አልተነሣም። የቀድሞ እግሮቹ አልተመለሱለትም። ነገር ግን ተወዳዳሪነቱ ከእግሩ ጋር አልሞተም። ለእንግዳ የሚሰጠው የክብር ወንበርም ቢሆን ከዳር የሚያስቀምጥ ከሆነ፣ ከልብስ ጠባቂው ልጅ ድንጋይ የሚለየው በምቾቱ ብቻ ነው።

4. የገመዱ ሕግ

ሀገራችን በፓራሊምፒክ የመጀመሪያዋን ሜዳሊያ ያገኘችው በ2012 ዓ.ም. በለንደን፣ የክንድ ጉዳት ባለበት በወንድዬ ፍቅሬ የ1500 ሜትር ብር ነው። በ2016 ዓ.ም. በሪዮ የማየት ችግር ያለበት ታምሩ ደምሴ በዚሁ ርቀት ሁለተኛ ሲወጣ የሮጠበት ሰዓት፣ በዚያው ዓመት በኦሎምፒኩ የ1500 ሜትር ወርቅ ከተገኘበት ሰዓት የፈጠነ ነበር። እርግጥ ነው፣ የኦሎምፒኩ ሩጫ እጅግ በዝግታ የተጀመረ ነበር፤ ቢሆንም ነገሩ ሊያስገርመን ይገባል። በ2021 ዓ.ም. በቶኪዮ ትዕግስት ገዛኸኝ የመጀመሪያውን የፓራሊምፒክ ወርቅ ለኢትዮጵያ አስገኘች፤ በ2024 ዓ.ም. በፓሪስም ደገመችው። በፓሪስ ያየሽ ጌቴ ፈጽሞ ማየት በማይችሉ ሴቶች የ1500 ሜትር ሩጫ ወርቅ አገኘች።

ያየሽ የተወዳደረችበት ሩጫ አንድ ሕግ አለው፤ የትምህርተ ክርስቶስ መምህራንም ይህን ሕግ በልባቸው እንዲይዙት እንመኛለን። ሯጯ ዓይኗን ትሸፍናለች፤ ከጎኗ የሚያይ መሪ ይሮጣል፤ ሁለቱን የሚያገናኛቸው በእጃቸው የያዙት አጭር ገመድ ነው። መሪው መታጠፊያውን ይነግራታል፤ እርምጃውን ከእርምጃዋ ያስማማል። ነገር ግን ሊጎትታት ወይም ሊገፋት አይፈቀድለትም፤ የመጨረሻውንም መስመር ከእርሷ ቀድሞ ማለፍ አይችልም። ቢያልፍ ውጤቷ ይሰረዛል። በመሆኑም መሪው ብርቱ ሯጭ መሆን አለበት፤ ብርታቱ ግን ለሌላ ሰው ድል የሚውል ነው።

ይህ ከወንጌል ትምህርት ጋር ይስማማል። በማርቆስ ወንጌል ምዕራፍ 2 አራት ሰዎች ሽባውን ተሸክመው፣ ጣሪያ አፍርሰው ወደ ጌታ አደረሱት። መሸከማቸው መልካም ነበር፤ ጌታም እምነታቸውን ተመለከተ። ነገር ግን ሰውየው ወደ ቤቱ ሲመለስ አልጋውን ራሱ ተሸከመ። የምሕረት ሥራችን ሰውን ለዘለዓለም በትከሻችን ላይ ማቆየት አይደለም። ሁሉም ሰው እንደዚያ ሽባ ከአልጋው አይነሣ ይሆናል፤ ሁሉም ግን የራሱ የሆነ ሩጫ ከእግዚአብሔር ተሰጥቶታል።

5. በቁምስናችን ምን እናድርግ?

ሀ) አስቀድመን እንጠይቅ። ጌታችን ዕውሩን በርጤሜዎስን ምን እንዲያደርግለት እንደሚፈልግ ጠየቀው (ማር. ም. 10)፤ የሚያስፈልገው ለማንም ግልጽ ሳለ ጠየቀው። እኛም ልጁን «ምን መጫወት ትፈልጋለህ?» ብለን እንጀምር። ወላጆቹንና እንደ ሁኔታው ሐኪሙን ማማከርም ተገቢ ነው።

ለ) ጨዋታውን ለልጁ እናስማማ። ኳስ በፌስታል ሲጠቀለል በሚሰጠው ድምፅ ማየት የተሳነው ልጅ ይከተለዋል። ጎልቦል የሚባለው ጨዋታ እንዲህ በድምፅ የሚመራ ነው፤ ከእያንዳንዱ ወገን ሦስት ሦስት ሆነው፣ ሁሉም ዓይናቸውን ሸፍነው፣ ቃጭል ያለበትን ኳስ ያንከባልላሉ። በዚህ ጨዋታ የሚያይ ልጅ ዓይኑን ሸፍኖ ሲገባ ተማሪ እርሱ ነው። ተመልካቹም ድምፁ እንዲሰማ ዝም ማለት አለበት።

ሐ) መረቡን ዝቅ አድርገን ሁሉም መሬት ተቀምጠው መረብ ኳስ ይጫወቱ። ይህ ዓይነቱ ጨዋታ በፓራሊምፒክም አለ፤ በቁምስና ግቢ ግን ከአንድ ገመድና ከአንድ ኳስ በቀር ብዙ አይጠይቅም። መስማት ለተሳናቸው ልጆች ዳኛው ከፊሽካ ጋር ባንዲራ ያውለብልብ።

መ) በሐዘኔታ አናሸንፍ። «እንተውለት፣ ያግባ» ብሎ በረኛው ኳሱን ሲለቅቅ ልጁ ወዲያው ያውቃል። ሕጉን ማስተካከል ፍትሕ ነው፤ ድሉን መለገስ ግን ንቀት ነው። ልጁ መሸነፍም መብቱ ነውና።

ሠ) ደረጃውን እንመልከት። ወደ ሜዳው፣ ወደ አዳራሹ፣ ከሁሉም በላይ ወደ ቅዱስ ቍርባን የሚወስደው መንገድ ለተሽከርካሪ ወንበርና ለክራንች ያመቻልን? የሮማ ወታደሮች እንዲሸከሙ ከምናሰለጥን፣ ድንጋይና አሸዋ አሰባስበን በደረጃው ጎን መወጣጫ ብንሠራ ይሻላል።

«ቢወድቅስ? ቢጎዳስ?» የሚሉ ወላጆች አሉ። ፍርሃታቸው ከፍቅር የመጣ ስለሆነ በትዕግሥት ልንሰማቸው ይገባል። ይሁን እንጂ ሌሎቹ ልጆችም ይወድቃሉ፤ አቧራቸውን አራግፈው ይነሣሉ። ጉልበቱ ተልጦ ወደ ቤት የሚመለስ ልጅ፣ እናቱ ብትቆጣም፣ ለመጀመሪያ ጊዜ እንደ ጓደኞቹ ሆኗል።

ለውይይት የሚሆኑ ጥያቄዎች

1ኛ. በቁምስናችን ከቤት የማይወጡ አካል ጉዳተኛ ልጆች አሉን? የጠየቃቸው ማን ነው?

2ኛ. በትምህርተ ክርስቶስ ክፍላችን «ልብስ ጠባቂ» ያደረግነው ማንን ነው? በመዘምራንና በወጣቶች ማኅበርስ?

3ኛ. የመሪው ሯጭ ሕግ ለወላጅ፣ ለመምህርና ለካህን ምን ያስተምራል?

4ኛ. እስከሚቀጥለው የቁምስናችን በዓል ድረስ ልንሠራው የምንችለው አንድ ነገር ምንድን ነው? ኃላፊነቱን የሚወስደውስ ማን ነው?

ጸሎት

ሁላችንን በአምሳልህ የፈጠርኸን አምላክ ሆይ፣ ከሜዳ ዳር ያስቀመጥናቸውን ወንድሞቻችንንና እኅቶቻችንን የምናይበት ዓይን ስጠን። ስንረዳቸው እንዳንጎትታቸው፣ ስንመራቸው እንዳንቀድማቸው አስተምረን። በአንድነት ሮጠን ወደ አንተ እንድንደርስ በጌታችን በኢየሱስ ክርስቶስ እንለምንሃለን። አሜን።