የጨው መንገድ ወደ ሰቆጣ

በዋግ ደጋ የተወለደ ልጅ ባሕርን ሳያይ ያድጋል፤ ዳሩ ግን በየቀኑ ባሕርን ይቀምሳል። እናቱ በወጡ ላይ የምትጨምረው ጨው ከጥንት ባሕር የቀረ ነውና። ሰቆጣ ከባሕር ወለል በላይ ከ2,200 ሜትር በሚበልጥ ከፍታ፥ በተራሮች መካከል ተቀምጣለች፤ መርከብ የሚደርስበት ወደብ የላትም። ሆኖም ለብዙ ዘመን የወደብ ሥራ ስትሠራ ኖራለች። ከሩቅ አገር የመጣውን ሸክም ትቀበል፥ ታራግፍ፥ ትመነዝር፥ ወደ ሌላም አገር ትሰድ ነበር። ያም ሸክም ጨው ነው።

ልጆች ሆይ፥ ጨው ከወዴት እንደሚመጣ አስቀድማችሁ ዕወቁ። ከዋግ ወደ ሰሜን ምሥራቅ፥ የትግራይን ተራራ አልፈው ቍልቍል ሲወርዱ፥ የአፋር በረሓ ይገኛል። በዚያም ዳሎል በሚባለው ቦታ አጠገብ ምድሩ ከባሕር ወለል በታች 120 ሜትር ያህል ዝቅ ብሏል። ሰው ታሪክ መጻፍ ከመጀመሩ እጅግ አስቀድሞ ቀይ ባሕር ወደዚህ ጐድጓዳ ምድር ይገባ ነበር። በኋላ መግቢያው ተዘጋ፤ ውሃውም እንደ ታሰረ ቀረ። የታሰረውን ውሃ ፀሐይ ጠጣው። ጨው ግን ከውሃ ጋር ወደ ሰማይ አይወጣምና በምድር ላይ ተንጣሎ ቀረ። ድስት በእሳት ላይ ተረስቶ ውሃው ሲያልቅ በታች ነጭ ነገር ተጣብቆ እንደሚገኝ፥ እንዲሁ ሆነ። ይህም አንድ ጊዜ ብቻ ሳይሆን ደጋግሞ ስለ ሆነ፥ የጨዉ ድርብርብ በአንዳንድ ስፍራ ከአንድ ኪሎ ሜትር የሚበልጥ ውፍረት አለው፤ የምድርን ነገር የመረመሩ ሊቃውንት እንዲህ ይላሉ። ባሕሩ ለመጨረሻ ጊዜ የገባውም ከ100,000 ዓመት በፊት እንደ ሆነ ይገመታል። ምስክሩ እስከ ዛሬ በሜዳው ዳር አለ፤ በባሕር ውስጥ ብቻ የሚኖር ዛጎልና መርጃን በደረቅ ኮረብታ ላይ ተጣብቆ ይታያል። እረኛ ሲያየው ድንጋይ ይመስለዋል።

በዚያ ሜዳ የጨው ቈራጮች ሥራ እጅግ ከባድ ነው። አንዱ የጨዉን ቅርፊት በመጥረቢያ ይሰነጥቃል፤ ሌሎች በረጃጅም እንጨት ከሥሩ ገብተው ይፈነቅሉታል፤ ሌላው ደግሞ ተቀምጦ አራት ማዕዘን አድርጎ ይጠርበዋል። ሙቀቱ ከ40 ዲግሪ የሚያልፍበት ቀን ብዙ ነው። ጥላ የሚሆን አንድ ዛፍ እንኳ የለም። ጨው በእጃቸው ቍስል ውስጥ ሲገባ የሚያቃጥለውን፥ በማዕድ ላይ ተቀምጦ ጨው አነሰ የሚል ሰው አያውቀውም።

በቀድሞ ዘመን የተጠረበው ጨው አሞሌ ይባል ነበር፤ ገንዘብም ነበር። ርዝመቱ ከአንድ ስንዝር ብዙ አያልፍም። በስድስተኛው መቶ ዓመት ኮስማስ የሚባል የእስክንድርያ ነጋዴ፥ የአክሱም ሰዎች በሬና ጨው ብረትም እየወሰዱ ሳሱ በምትባል አገር በወርቅ ይለውጡ እንደ ነበር ጽፏል። ከዚያም ወዲህ በ1512 ዓ.ም. ከፖርቱጋል መልእክተኞች ጋር የመጣው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ፥ ጨው በኢትዮጵያ እንደ ገንዘብ ሲሄድ በዓይኑ አየ፤ ጨዉ ከተቈረጠበት ስፍራ በራቀ ቍጥር ዋጋው እንደሚጨምርም አስተዋለ። ይህ የሚያስደንቅ አይደለም። በሜዳው አጠገብ ጨው እንደ አፈር ብዙ ነው፤ ወደ ጎንደርና ወደ ጎጃም ሲደርስ ግን የግመሉ ድካም፥ የበቅሎው ሣር፥ የነጋዴው እንቅልፍ ማጣት ሁሉ በአሞሌው ዋጋ ውስጥ ገብቷል።

የኬላውም ቀረጥ ገብቷል። በትግራይ የጨውን ሜዳና የቅፍለቱን ነገር የሚያዝ ሹም ባልጋዳ ይባል ነበር። ከእርሱ በኋላ በየወንዙ መሻገሪያና በየአምባው በር ሌላ ሹም፥ ሌላ ኬላ አለ። በእያንዳንዱም ኬላ ከሸክሙ ጥቂት ይቀራል። ነጋዴውም ብቻውን አይሄድም፤ ሽፍታን ስለሚፈራ ከጓደኞቹ ጋር ተባብሮ፥ አንድ ነጋድራስ አስቀድሞ ይሄዳል።

እንዲህ እያለ ቅፍለቱ ዓቀበቱን ወጥቶ ወደ ሰቆጣ ይደርሳል። በሰቆጣ ገበያ ከሰሜን የመጣው ጨው፥ ከደቡብና ከምዕራብ ከመጣው እህል፥ ማር፥ ቅቤ፥ ጥጥና ቡና ጋር ይገናኛል። በዚያም ኽምጣንጋ፥ ትግርኛና አማርኛ በአንድ ቀን ይሰማሉ። ከተማይቱ የዋግሹሞች መቀመጫ ነበረች። ከእነርሱም ዋግሹም ጎበዜ በ1860 ዓ.ም. ተክለ ጊዮርጊስ ተብለው ነገሡ፤ በ1863 ዓ.ም. በዓድዋ አጠገብ ተሸነፉ። ስለ እርሳቸው የሚነገረው ብዙ ነው፤ ነገር ግን እዚህ የተጀመረው የጨው ነገር ነውና ወደ እርሱ እንመለስ።

አሞሌ ጠላቱ ብዙ ነው። ዝናብ ያሟሟዋል፤ ከጭነት ሲወድቅ ይሰበራል፤ እርስ በርሱ ሲፋተግ ያልቃል። ስለዚህ ነጋዴ በልጥ ያስረዋል፥ በቁርበትም ይሸፍነዋል። ጫፉ የተሸረፈ አሞሌ እንደ ሙሉው አይቈጠርም፤ የተሰበረውም በቍራጭነቱ ይሸጣል እንጂ ገንዘብ ነው ብሎ የሚቀበለው የለም። ብር ቢወድቅ ይነሣል፤ ይህ ገንዘብ ግን በባለቤቱ እጅ እንዳለ ይሞታል።

አሁን በዚያ ዘመን ሊሆን የሚችለውን አንድ ነገር በልባችሁ ሣሉ። አንድ ነጋዴ ከልጁ ጋር በሁለት አህያና በአንድ በቅሎ 200 አሞሌ ጭኖ ወደ ሰቆጣ ይመጣል። በአበርገሌ ቆላ ሳሉ ያልታሰበ ዝናብ በሌሊት ወረደባቸው። ልጁ ተኝቶ ነበርና ቁርበቱን ሳይስብ ቀረ። አንዱ አህያም ደንብሮ ከነጭነቱ ወደቀ። በነጋ ጊዜ ቢቈጥሩት 30 አሞሌ ተሰብሯል።

ልጁም በአባቱ ፊት ሊያፍር አልወደደምና፥ «አባቴ፥ ልጡን ጠበቅ አድርገን ብናስረው ስብራቱ አይታይም» አለ።

አባቱም፥ «የገዛው ሰው በቤቱ ሲፈታው ይታያል» አለው።

«ያን ጊዜ እኛ ቆላውን ወርደናል።»

አባቱ አልመለሰለትም። በእርግጥ የሚያስጨንቀው ነገር ነበረው፤ ለአህዮቹ መግዣ ተበድሮ ነበርና፥ ዕዳውም በዚያው ገበያ የሚከፈል ነበር። 30 አሞሌ ማለት ለቤተ ሰቡ የብዙ ቀን እህል ማለት ነው። ቀኑን ሁሉ ዝም ብለው ተጓዙ፤ ማታም የተሰበሩትን በአዲስ ልጥ አሰሩአቸው። ልጁ፥ አባቴ ምክሬን ተቀበለ ብሎ ደስ አለው።

በገበያው አንዲት ባልቴት ገብሷን ይዛ ቀረበች። ግብሯን በአሞሌ የምትከፍል ነበረችና፥ «ሙሉ ሙሉውን ምረጥልኝ ልጄ፤ ዓይኔ ደክሟል» አለችው። ነጋዴውም እጁን ወደ ጭነቱ ሰደደ፤ በአዲስ ልጥ የታሰረውንም አነሣ። ጥቂት ጊዜ በእጁ ይዞት ቆየ። ከዚያም መልሶ አስቀመጠውና ከሌላው ወገን ሙሉዎቹን ቈጥሮ ሰጣት። እርሷም በሄደች ጊዜ ልጁን፥ «ልጡን ሁሉ ፍታ» አለው። ልጁ ፈታ። ስብራቱም በሕዝብ ፊት ታየ፤ ጐረቤት ነጋዴዎች ሳቁበት። 30ውን በቍራጭ ዋጋ ሸጠ፤ ዕዳውንም ግማሹን ከፍሎ ግማሹን ለመጪው ጕዞ አስለመነ።

ይህ ነገር ነጋዴው በኋላ ባለጸጋ ሆነ በሚል ቃል ቢጨርስ ለልጆች ደስ ያሰኝ ነበር። ዳሩ ግን እንዲህ ያለ ሰው ብዙ ጊዜ ባለጸጋ አይሆንም። በዚያ ክረምት በቤቱ እንጀራው ሳሳ፤ ልጁም ለምን እንደ ሳሳ ያውቅ ነበር። ዝናብ በመጣ ሌሊት ግን ከእንግዲህ ወዲያ አልተኛም።

ጨው ራሱም የሚከዳበት ጊዜ መጣ። ከ1880 እስከ 1884 ዓ.ም. ክፉ ቀን የሚባለው ረኀብ ሆነ። አስቀድሞ ከባሕር ማዶ በምጽዋ በኩል ከገቡ ከብቶች ጋር የከብት በሽታ መጣ፤ በሬዎችም በአገሩ ሁሉ አለቁ። በሬ በሌለበት ማን ያርሳል? ዝናቡም ታጓጐለ፤ አንበጣና ተምችም የቀረውን በላው። በዚያን ጊዜ በቤቱ መቶ አሞሌ የከመረ ሰው ከባዶ ቤት ጐረቤቱ አልተሻለም፤ ጨው የሚጣፍጠው እህል ሲኖር ነውና። ሰቆጣም ከሕዝቧ እጅግ ብዙውን አጣች። በገበያዋ ጫጫታ የነበረችው ከተማ ቤቶቿ ባዶ ሆኑ።

ከዚህ በኋላ ዳግማዊ ምኒልክ መልካቸው ያለበትን ብር በፓሪስ አሠሩ፤ በብሩም ላይ 1887 ዓ.ም. ተጽፎበታል። ከዚያም አስቀድሞ የማርያ ቴሬዛ ብር በአገሩ ይሄድ ነበር። ሆኖም አሞሌ ወዲያው አልተሻረም። ብር ለትልቅ ነገር ነው፤ ለትንሽ ዕቃ ግን ሰው የለመደውን አሞሌ ይወድ ነበር። እያደር መዳብና ወረቀት ሲበዛ አሞሌ ከገንዘብነት ወርዶ ምግብ ብቻ ሆነ። ምናልባት ለእርሱም ይህ የተሻለ ነው፤ ሰው ምግቡን በሣጥን ቈልፎ እንዲያስቀምጥ አልተፈጠረለትምና። በዚህ ዘመን በጨው ሜዳው መኪና ይሄዳል፤ የግመሉም ቅፍለት ከቀድሞው አንሷል። የቀድሞው መንገድ ግን በዓለቱ ላይ በኮቴ ተፍቆ በብዙ ስፍራ ይታያል።

በዋግ ደግሞ ሌላ ውሃ መጣ። በተከዜ ወንዝ ላይ 188 ሜትር ከፍታ ያለው ግድብ ተሠርቶ በ2002 ዓ.ም. ተመረቀ፤ 300 ሜጋ ዋት የኤሌክትሪክ ኀይል ለማመንጨት የተሠራ ነው። ወንዙ በሸለቆው ውስጥ ተኝቶ ሐይቅ ሆነ፤ የሐይቁም ክንድ እስከ ዋግ ኽምራ ቆላ ደረሰ። አባቶቻቸው ፍየል ይጠብቁ የነበሩ ወጣቶች ጀልባ መቅዘፍና መረብ መጣል ተማሩ። በመጀመሪያ ውሃውን የሚፈሩ ነበሩ፤ ዋና የማያውቅ ሰው ጀልባ ላይ ሲወጣ መፍራቱም ይገባዋል፥ ተከዜ በአዞ የታወቀ ወንዝ ነውና። ቆሮሶና አምባዛ እያወጡ መሸጥ ጀመሩ፤ በጾም ወራት ዓሣ የሚፈቀድ ነው የሚሉና አይፈቀድም የሚሉ ሰዎች ሲከራከሩም ገዢ አልጠፋም።

ዓሣውም ከቆላው ወጥቶ ወደ ሰቆጣ ይመጣል፤ ጨዉ ቀድሞ ይመጣበት በነበረው ዓቀበት። እናት ዓሣውን አጥባ በድስት ታደርጋለች፤ እጇንም ወደ ጨው ዕቃው ትሰዳለች። አንዱ የዘመናችን ልጆች ሲሞላ ካዩት ሐይቅ የወጣ ነው፤ ሌላው ማንም ሲደርቅ ካላየው ባሕር።