ርስት የሌለው ሥልጣን፦ የቤተ እስራኤል አመራር ታሪክና የሰሜን ሸዋ ደጋ ጥያቄ

መግቢያ

በሰሜን ሸዋ ደጋ ሥልጣንና መሬት ለብዙ ዘመን ተጣምረው ኖረዋል። በመንዝ፣ በግሼና በመርሐቤቴ የአንድ ሰው ቃል በአገር ሽማግሌ ፊት ክብደት የሚያገኘው ከአቅኚ አባት የወረደ ርስት ሲኖረውና ትውልዱን ቆጥሮ ማስረዳት ሲችል ነበር። ዶናልድ ሌቪን በመንዝ ተቀምጦ ካጠና በኋላ እ.ኤ.አ. በ1965 ያሳተመው «ሰምና ወርቅ» የተሰኘው መጽሐፍም ርስት ለመንዝ ገበሬ ከሚታረስ መሬትነቱ ባሻገር የክብሩ መሠረት እንደነበረ ያሳያል። በዚያው ደጋ ግን ከርስቱ ሥርዓት ውጭ የኖሩ ሰዎች ነበሩ። ቀጥቃጩ፣ ሸክላ ሠሪዋና ሸማኔው በእጃቸው ሥራ ይፈለጋሉ፤ በጋብቻና በማዕድ ግን ይገለላሉ።

ርስት የተነፈገ ማኅበረሰብ በማን ይመራል? መሪውስ ቃሉ የሚሰማው በምን መሠረት ነው? ይህ ጽሑፍ ጥያቄውን በቤተ እስራኤል ታሪክ አማካይነት ይመረምራል። የሚያቀርበውም ሐሳብ የሚከተለው ነው፤ የቤተ እስራኤል አመራር ከንጉሥ ወደ መነኩሴ፣ ከመነኩሴም ወደ ቄስና ሽማግሌ ሲሸጋገር በእያንዳንዱ ደረጃ ከመሬት እየራቀ በሕግ፣ በንጽሕናና በምስክርነት ላይ ቆሟል። ይህ ለውጥ ማኅበረሰቡን አቆይቶታል። በሰሜን ሸዋ ግን ምስክርነቱ ራሱ በስውር መያዝ ስለነበረበት ውጤቱ የተለየ ሆኗል። ከዚህ በታች የተጠቀሱት ዓመታት፣ በተለየ ካልተገለጸ በቀር፣ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

ስለ ስያሜ አንድ ጥንቃቄ ያስፈልጋል። በመካከለኛው ዘመን የግእዝ ጽሑፎች «አይሁድ» የሚለው ቃል ሁልጊዜ ኦሪትን ብቻ የሚከተሉ ሰዎችን አያመለክትም። በዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ዘመን (1434–1468) እንደ ደቂቀ እስጢፋኖስ ያሉ ክርስቲያን መነኮሳት ጭምር በዚህ ስም ተወግዘዋል። ስለዚህ አንድ ገድል ወይም ዜና መዋዕል በሸዋ «አይሁድ» ነበሩ ቢል፣ ቃሉ ብቻውን የቤተ እስራኤልን መኖር አያረጋግጥም።

ከንጉሥ ወደ መነኩሴ

ቤተ እስራኤል በሰሜንና በወገራ ተራሮች የራሳቸው ገዢዎች ነበሯቸው። ዐፄ ይስሐቅ (1414–1430 ገደማ) በዚያ ባደረጉት ዘመቻ ድል ከነሡ በኋላ፣ የተጠመቀ የአባቱን ርስት እንዲወርስ፣ ያልተጠመቀ ግን ፈላሲ እንዲሆን ማዘዛቸውን ትውፊቱ ይናገራል። በዚህ ድንጋጌ መሠረት ሃይማኖት የመሬት ባለመብትነት መስፈርት ሆነ። ይሁን እንጂ የፖለቲካ ሥልጣኑ በአንድ ጊዜ አልጠፋም። ዐፄ ሠርፀ ድንግል ከ1579 ጀምሮ በረዳኢ፣ ኋላም በካሌፍ ላይ ዘምተዋል። ጌዴዎን የተባለው መሪ ተሸንፎ የተገደለው በዐፄ ሱስንዮስ ዘመነ መንግሥት (1607–1632) ነው። ከዚያ በኋላ ቤተ እስራኤል የራሳቸው ንጉሥ ወይም የራሳቸው ጦር ያለው ግዛት አልነበራቸውም።

ንጉሡ ከመውደቁ ቀደም ብሎ ግን ሌላ ዓይነት ሥልጣን እየበቀለ ነበር። የቤተ እስራኤል ትውፊት የምንኩስናን መጀመር በዐሥራ አምስተኛው ምዕተ ዓመት ከኖሩት ከአባ ሳብራ ጋር ያያይዘዋል። አባ ሳብራ ከክርስቲያን መነኮሳት ወገን ሆነው ሳለ ወደ ቤተ እስራኤል እንደገቡ፣ የዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ልጅ የሆነው ጸጋ አምላክም እንደተከተላቸው ይነገራል። ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ በኋለኛው ዘመናቸው ቤተ መንግሥታቸውን ያቋቋሙት በደብረ ብርሃን በመሆኑ፣ ትውፊቱ የቤተ እስራኤልን የምንኩስና ጅማሬ ከሰሜን ሸዋው የዘውድ ማዕከል ጋር ያገናኘዋል። ይህ ትውፊት በታሪክ ማስረጃነቱ ሊመዘን ይገባዋል፤ የመልእክቱ ጭብጥ ግን ግልጽ ነው። ርስት የሚሰጠውና የሚነሣው የንጉሥ ልጅ ራሱ ርስት ወደሌለው ሥልጣን ይሸሻል።

የመነኮሳቱ ሥልጣን ሁለት ምሰሶዎች ነበሩት። አንደኛው ትምህርት ነው። ኦሪቱ በግእዝ የሚነበብ በመሆኑ ንባቡን፣ ዜማውንና ጸሎቱን የሚያስተላልፉ፣ ቀሳውስቱንም አስተምረው ለክህነት የሚያበቁ መነኮሳት ነበሩ። የሆሃርዋ ገዳም በዚህ ረገድ ከፍ ያለ ስፍራ ነበረው። ሁለተኛው ንጽሕና ነው። መነኮሳቱ ከሕዝቡ ተለይተው ይኖሩ ነበር። ሕዝቡም በበኩሉ ከውጭ ሰው ጋር መነካካትን በሚከለክለው ሥርዓት ራሱን ለየ። ግዛት ያጣው ማኅበረሰብ ወሰኑን በአካልና በማዕድ ላይ አሰመረ፤ የዚህ ወሰን ጠባቂም መነኩሴው ሆነ።

እዚህ ላይ ከሌላው የአይሁድ ዓለም ጋር ማነጻጸር ይጠቅማል። በ70 ዓ.ም. የኢየሩሳሌም ቤተ መቅደስ ከፈረሰ በኋላ የካህናት ሥልጣን ቀስ በቀስ ለሕግ መምህራን፣ ለረቢዎች፣ ተላልፏል። በባቢሎን ከዳዊት ዘር ነኝ የሚል የስደተኞች አለቃ በመንግሥት ታውቆ ሕዝቡን ሲወክል፣ የሱራና የፑምበዲታ ትምህርት ቤቶች አለቆች ደግሞ ሕጉን ይተረጉሙ ነበር። በፖላንድም እስከ 1764 ድረስ የአራቱ አገሮች ሸንጎ የማኅበረሰቡን ግብርና ዳኝነት አስተባብሯል። እነዚህ ሁሉ እንደ ቤተ እስራኤል ሁሉ የራስ ግዛት ሳይኖራቸው ሥልጣንን ያደራጁ ነበሩ። ልዩነቱ በቤተ እስራኤል ዘንድ ረቢና ታልሙድ አለመኖራቸው ነው። ክህነቱ፣ የፋሲካው መሥዋዕትና የመንጻት ሕጉ እስከ ዘመናችን ዋዜማ ቀጥለዋል።

ከመነኩሴ ወደ ቄስ

በጎንደር ዘመን የቤተ እስራኤል ግንበኞች፣ አናጢዎችና ቀጥቃጮች ለቤተ መንግሥቱ አስፈላጊ ሆኑ፤ ከመካከላቸውም እንደ በጅሮንድና አዛዥ ያለ ማዕረግ የተሰጣቸው ነበሩ። ይህ ዓይነቱ አመራር ከዘውዱ የተገኘ ነውና ዘውዱ በዘመነ መሳፍንት ሲዳከም አብሮ ተዳከመ። የመነኮሳቱ ሥልጣን ግን ከቤተ መንግሥት ስላልተገኘ ከቤተ መንግሥት ጋር አልወደቀም።

ፈተናው የመጣው በዐሥራ ዘጠነኛው ምዕተ ዓመት አጋማሽ ነው። የፕሮቴስታንት ሚሲዮናውያን የመሥዋዕቱንና የምንኩስናውን መሠረት በመጽሐፍ ቅዱስ እየጠቀሱ መቃወም ጀመሩ። በ1862 አባ ማኀሪ የተባሉ መነኩሴ ባሕሩ እንደ ሙሴ ዘመን ይከፈልልናል በሚል ተስፋ ብዙ ሕዝብ አስከትለው ወደ ቀይ ባሕር ተነሡ። ጉዞው ትግራይ ላይ በረኃብና በበሽታ ተሰናከለ፤ ብዙዎች አለቁ፣ የተረፉትም ተመለሱ። ሁኔታው የመነኩሴውን ሥልጣን ስፋትና ወሰን በአንድነት ያሳያል። አንድ መነኩሴ ያለ ጦርና ያለ ግብር ሕዝብን ከቀዬው ማንቀሳቀስ ችሏል፤ በመንገድ የሚመግብበት ጎተራ ግን አልነበረውም።

ከ1888 እስከ 1892 የዘለቀው ክፉ ቀን ገዳማቱን ክፉኛ ጎዳ። መነኩሴ የሚኖረው ከሕዝቡ ትርፍ ነውና ሕዝቡ ሲራብ ገዳሙ ይፈታል። ከዚያ በኋላ የአመራሩ ክብደት ወደ መንደር ቄስና ወደ ሽማግሌዎች ዞረ። ቄሱ በመስጊዱ ጸሎት ይመራል፣ ኑዛዜ ይቀበላል፣ በስግድ በዓል ኦሪቱን ተራራ ላይ ያነባል። ሽማግሌው ጠብ ያበርዳል፣ ለጋብቻ ሰባት ትውልድ ይቆጥራል። በዚህ ሥርዓት የዘር ቆጠራ የርስት መጠየቂያ ሳይሆን የማኅበረሰቡ አባልነት ማረጋገጫ ነበር።

የሸዋ ደጋ ጠቢባን

ሚሲዮናዊው ዮሐን ሉድቪግ ክራፕፍ ከ1839 ጀምሮ በንጉሥ ሣህለ ሥላሴ አገር በአንኮበር ሲቀመጥ፣ በአካባቢው ስለሚኖሩ «ጠቢባን» ስለሚባሉ ባለ እጆች ጽፏል። ሕዝቡ በቡድነት ይፈራቸዋል፣ በስውር የአይሁድን ሃይማኖት ይከተላሉ ብሎም ይጠረጥራቸዋል፤ ንጉሡ ግን ሙያቸውን ይፈልጋል። በጎንደር ዘመን የታየው ግንኙነት በትንሹ በሸዋም ይታያል፤ ሙያው ጥበቃን ያስገኛል፣ ርስትን ግን አያስገኝም።

ልዩነቱ በአመራሩ ላይ ነው። በጎንደር ዙሪያ ቤተ እስራኤል የራሳቸው መንደር፣ በግልጽ የሚታወቅ መስጊድና በግልጽ የሚለበስ የቄስ ጥምጥም ነበራቸው። ዛሬ በአዲስ አበባ ቀጨኔና በሰሜን ሸዋ የሚኖሩና ራሳቸውን ቤተ እስራኤል ብለው የሚጠሩ የባለ እጅ ቤተሰቦች ግን፣ አባቶቻቸው በውጭ እንደ ጎረቤቶቻቸው በቤተ ክርስቲያን እየታዩ በጓዳ የራሳቸውን ሥርዓት ይጠብቁ እንደነበር ይናገራሉ። እንዲህ ባለ ኑሮ መሪ በአደባባይ ሊታወቅ አይችልም። ሥልጣኑ ወደ ቤተሰብ አባት፣ ወደ አያትና ሙያውን ወደሚያስተምረው ሰው ይጠባል። ሸክላና ብረት ከእናትና ከአባት የሚወረሱ ሙያዎች በመሆናቸው፣ ሙያን ማስተላለፍና ማንነትን ማስተላለፍ በአንድ እጅ ይያዛሉ። ዐፄ ምኒልክ በ1908 ሠራተኛን በሙያው መስደብን የሚከለክል አዋጅ ማውጣታቸው፣ ንቀቱ የመንግሥትን ጣልቃ ገብነት እስኪጠይቅ ድረስ ሥር የሰደደ እንደነበር ይመሰክራል።

ስውርነቱ ሁለት ገጽ ነበረው። ማኅበረሰቡን ከጥቃት ሸሽጎታል፤ ዳሩ ግን ስለ እርሱ በውጭ ሰው ፊት ቆሞ የሚመሰክር የታወቀ ባለሥልጣን እንዳይኖረው አድርጎታል።

የምስክርነት ሥልጣን

የዚህ ልዩነት ክብደት የታየው በሃያኛው ምዕተ ዓመት መጨረሻ ነው። በ1975 የገጠርን መሬት የሕዝብ ያደረገው አዋጅ ቁጥር 31/1967 የርስትን ሥርዓት ሻረ። ቤተ እስራኤል ከዐፄ ይስሐቅ ዘመን ጀምሮ የተዘጋባቸው በር በሕግ ተከፈተ። በዚያው ዓመት የእስራኤል መንግሥት፣ ረቢ ኦቫድያ ዮሴፍ በ1973 የሰጡትን ብያኔ ተከትሎ፣ ቤተ እስራኤል በመመለስ ሕግ መሠረት መብት እንዳላቸው ተቀበለ። ከዚያ በኋላ ወሳኙ ጥያቄ «ርስትህ የት ነው?» የሚለው መሆኑ ቀርቶ «ማን ይመሰክርልሃል?» የሚለው ሆነ። ለዚህ ጥያቄ የጎንደር ቤተ እስራኤል ዘር የሚቆጥሩ ቄሶችና ሽማግሌዎች ነበሯቸው። በ1984–85 በዘመቻ ሙሴ፣ በግንቦት 1991 በዘመቻ ሰሎሞን የተጓዘው ሕዝብ ይህን የቃል መዝገብ ይዞ ሄዷል።

እስራኤል ሲደርሱ ግን የቄሶቹ ሥልጣን ራሱ ለጥያቄ ቀረበ። የረቢዎች ጽሕፈት ቤት በማጥለቅ ሥርዓት እንዲያልፉ በመጠየቁ በ1985 በኢየሩሳሌም የተቃውሞ አድማ ተደረገ። ቄሶቹ በአገራቸው ያጋቡና ያፋቱ የነበሩ ሲሆኑ፣ በአዲሱ አገር ጋብቻ የማጽናት ሥልጣን በረቢዎች እጅ ነበር። ስግድ በ2008 በሕግ ብሔራዊ በዓል ሲሆን ቄሶቹ በአደባባይ የሚታዩበት መድረክ አገኙ፤ ይህ ክብር ግን የዳኝነት ሥልጣንን አልመለሰም። የሰሜን ሸዋው ማኅበረሰብ በበኩሉ ከዚህ ክርክር ደጃፍ እንኳ አልደረሰም፤ በእስራኤል መንግሥት ዘንድ እንደ ጎንደሩ ዕውቅና አላገኘምና።

ማጠቃለያ

ከዚህ ንጽጽር ሁለት ነጥቦች ይገኛሉ። አንደኛ፣ የቤተ እስራኤልን አመራር በንጉሥ ውድቀት የሚያበቃ የሽንፈት ታሪክ አድርጎ መጻፍ ከፊሉን ብቻ መጻፍ ነው። መሬት ሲነጠቅ ሥልጣኑ ወደማይነጠቀው ዞሯል፤ ወደ ተማረ አንደበት፣ ወደ ንጹሕ ማዕድና ዘርን ወደሚያስታውስ ሽማግሌ። ሁለተኛ፣ ይህ ሥልጣን የሚጸናው ሌሎች ሲያውቁትና ሲቀበሉት ነው። የጎንደሩ ቄስና የሸዋዋ ሸክላ ሠሪ አያት ሁለቱም የማኅበረሰባቸው ጠባቂዎች ነበሩ፤ ከአገር ውጭ የተሰማው ግን የቄሱ ቃል ብቻ ነው።

ስለዚህ በመንዝ፣ በግሼና በመርሐቤቴ ጥናት የሚያካሂድ ተመራማሪ የአመራርን ማስረጃ በርስት ክርክርና በገዳም መዝገብ ብቻ ቢፈልግ፣ ርስትም መዝገብም ያልተፈቀደላቸውን ሰዎች መሪ አልባ አድርጎ ይቆጥራል። ማስረጃው የሚገኘው የማቅለጫው እሳት በሚነድበት፣ ሸክላው በሚተኮስበት፣ ልጅ ሙያ በሚማርበትና ማን ማንን እንደሚያገባ በሚመከርበት ቤት ነው። የእነዚህ ቤቶች ሽማግሌዎች በዕድሜ የገፉ ናቸው። የቃል ምስክርነታቸው በጥንቃቄና በፈቃዳቸው ካልተመዘገበ፣ በስውር የኖረው ሥልጣን በስውር ያልፋል።