የመብራት ሒሳብና ትክክለኛ ፍርድ

እህል በቁና፥ ማር በሚዛን፥ ጨርቅ በክንድ ይለካል። የኤሌክትሪክ ኃይል ግን በዓይን አይታይምና ብዙ ሰው ሊለካ የማይቻል ይመስለዋል። ነገር ግን እርሱም መለኪያ አለው፤ መለኪያውንም ያወቀ ሰው ገንዘቡ በምን እንዳለቀ ለይቶ ያውቃል።

በአምፖልና በምድጃ ላይ «ዋት» የሚል ቃል ከቁጥር ጋራ ተጽፎ ይገኛል። ይህም ስም የተወሰደው እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ከ1736 እስከ 1819 ከኖረው ከስኮትላንዱ ሊቅ ከጄምስ ዋት ነው። ቁጥሩ ዕቃው በሚሠራበት ጊዜ ኃይልን የሚበላበትን መጠን ያመለክታል፤ ቁጥሩ ከፍ ባለ መጠን አበላሉ ይፈጥናል። 1000 ዋት የሆነ ዕቃ አንድ ሰዓት ሙሉ ቢሠራ፥ የበላው አንድ ኪሎዋት ሰዓት ይባላል። ቆጣሪው የሚቈጥረው፥ ዋጋውም የሚከፈለው በዚህ ነው። ስለዚህ ዋቱ በሠራበት ሰዓት ይባዛል፤ የተገኘው ለ1000 ይካፈላል፤ ከዚያም በአንዱ ኪሎዋት ሰዓት ዋጋ ይባዛል።

የዚህም ጥቅም በሚከተለው ታሪክ ይታያል።

በአንድ ግቢ ውስጥ አንዲት ወይዘሮና አንድ ተከራይ ተማሪ በአንድ ቆጣሪ ይጠቀሙ ነበር። የወሩ ሒሳብ በበዛ ጊዜ ወይዘሮዋ ተቈጥታ፥ «ይህን ገንዘብ የጨረሰው ሌሊት ሲያነብ የሚያበራው መብራት ነው፤ ወይ ንባቡን ይተው፥ ወይ ቤቴን ይልቀቅ» አለች። ተማሪውም ደኻ ነበርና መሄጃ አጥቶ ዝም አለ።

ልጅዋ ግን ሒሳብ ተምራ ነበርና፥ «እናቴ ሆይ፥ ከመፍረድሽ በፊት እንቍጠር» አለቻት። በተማሪው አምፖል ላይ የተጻፈው 60 ዋት ነበር። በየሌሊቱ 5 ሰዓት ስለሚበራ በ30 ቀን 150 ሰዓት ይሆናል፤ 60 በ150 ሲባዛ 9000፥ ለ1000 ሲካፈል 9 ኪሎዋት ሰዓት ነው። ቀጥላም የእናቷን የኤሌክትሪክ ምጣድ አየች፤ የተጻፈበት 3500 ዋት ነበር። በወር 8 ጊዜ፥ በየጊዜውም 2 ሰዓት እንጀራ ይጋገርበታል፤ ይህም 16 ሰዓት ነው። 3500 በ16 ሲባዛ 56000፥ ለ1000 ሲካፈል 56 ኪሎዋት ሰዓት ሆነ። እንግዲህ አንዱ ኪሎዋት ሰዓት 2 ብር ነው ቢባል፥ አምፖሉ 18 ብር፥ ምጣዱ ግን 112 ብር ይበላል ማለት ነው።

እናትየዋም ሒሳቡን ስለ ተጠራጠረች፥ ልጅቷ እንጀራ በሚጋገርበት ቀን ሌላውን ሁሉ አጥፍታ ቆጣሪውን ከመጋገሩ በፊትና በኋላ አነበበች። ታናሹ ከታላቁ ሲቀነስ ልዩነቱ 7 ያህል ሆነ፤ ይህም 56 ለ8 ሲካፈል ከሚገኘው ጋራ ተስማማ።

ያን ጊዜ ወይዘሮዋ ተማሪውን ጠርታ፥ «ልጄ፥ ሳልመዝን ፈርጄብሃለሁና ይቅር በለኝ» አለችው። እርሱም፥ «እትዬ፥ እኔም በበኩሌ ልቈጥብ» ብሎ 9 ዋት የሆነ የኤልኢዲ አምፖል ገዛ። ብርሃኑ ከቀድሞው ጋራ ተቀራራቢ ሲሆን፥ በወር የሚበላው አንድ ኪሎዋት ሰዓት ተኩል እንኳ አይሞላም። እርሷም በሁለት ቀን ትጋግረው የነበረውን በአንድ ቀን መጋገር ጀመረች፤ የቀዘቀዘውን ምጣድ እንደ ገና ለማጋል የሚጠፋው ኃይል ይድናልና።

ይህንም ማስተዋል ይገባል፤ ማቀዝቀዣና ካውያ በየጊዜው ራሳቸው እየጠፉና እየበሩ ስለሚሠሩ፥ በማባዛት የሚገኘው ቁጥር ከእውነተኛው ይበልጣል። ለእነዚህ ቆጣሪውን ማንበብ ይሻላል።

ከዕቃ ሁሉ ይልቅ ብዙ የሚበላው የሚያሞቅና የሚያፈላ ነው። ነገር ግን ለዓይን የሚታየው ብርሃን ተከሰሰ፤ ብዙውን የበላው ምጣድ በጓዳ ዝም ብሎ ተቀመጠ። በሰውም መካከል እንዲሁ ይሆናል፤ ሳይመረምር የሚፈርድ ሰው የታየውን ይቀጣል፥ በዳዩን ግን ያልፋል።

ጥያቄ።
1. ወይዘሮዋ ተማሪውን የከሰሰችው ስለ ምንድር ነው?
2. 40 ዋት የሆነ አምፖል በየቀኑ 4 ሰዓት ቢበራ፥ በ30 ቀን ስንት ኪሎዋት ሰዓት ይበላል?
3. ልጅቷ ሒሳቧ እውነት መሆኑን ያረጋገጠችው በምንድር ነው?