ፊልም ውስጥ ያለውን ቤት ማን ሠራው?

ለዛሬ ብዙዎቻችን ስለማናውቀው አንድ ሙያ ይዘንላችሁ ቀርበናል።

ፊልም ስናይ ዓይናችን ተዋናዩ ላይ ነው። ግን የተቀመጠበት ወንበር፣ የግድግዳው ቀለም፣ ጠረጴዛው ላይ ያለው ሲኒ እንዲሁ በአጋጣሚ የተገኘ ይመስላችኋል? አይደለም! አስቦ የመረጠው ሰው አለ። ይህ ባለሙያ ፕሮዳክሽን ዲዛይነር ይባላል።

ሥራው እንዴት ነው? በመጀመሪያ የፊልሙን ጽሑፍ ያነባል። ታሪኩ የሆነው መቼ ነው? የት? የቤቱ ባለቤት ሀብታም ነው ወይስ ድሃ? እያለ ይጠይቃል። ቀጥሎ ቦታውን በወረቀት ይስላል። በመጨረሻም ከአናጢዎች፣ ከቀለም ቀቢዎችና ዕቃ ከሚያቀርቡ ሰዎች ጋር ሆኖ ያሠራዋል። በድሃ ሰው ቤት ውስጥ አዲስ ሶፋ ከታየ፣ ተዋናዩ የቱንም ያህል ቢያለቅስ ተመልካቹ አያምነውም።

አንድ ምሳሌ እንንገራችሁ። «ጎን ዊዝ ዘ ዊንድ» የተባለው ፊልም የወጣው እ.ኤ.አ. በ1939 ነው። ይህ ፊልም የተሠራበትን መጽሐፍ ነቢይ መኮንን እስር ቤት ሆኖ፣ በሲጋራ ወረቀት ላይ እየጻፈ «ነገም ሌላ ቀን ነው» ብሎ ተርጉሞልናል። በፊልሙ ፕሮዳክሽን ዲዛይነር ተብሎ የተጠራው ዊሊያም ካሜሮን ሜንዚስ ነበር። ትዕይንቶቹን ገና ሳይቀረጹ በሥዕል አዘጋጃቸው።

በታሪኩ ውስጥ አትላንታ የምትባል ከተማ ትቃጠላለች። ታዲያ ከተማ ከየት ይምጣ? በስቱዲዮው ግቢ ከድሮ ፊልሞች የተረፉ የእንጨት ግንቦችና ቤቶች ነበሩ። ፊታቸውን የአትላንታን ሕንፃ አስመሰሉና እ.ኤ.አ. ታኅሣሥ 10 ቀን 1938 አቃጥለው ቀረጿቸው። የ«ኪንግ ኮንግ» ፊልም ትልቁ ግንብም አብሮ ነደደ። በአንድ እሳት ሁለት ጥቅም አገኙ፤ ትዕይንቱ ተቀረጸ፣ ግቢውም ለአዲስ ግንባታ ተለቀቀ።

እኛስ? እኛ ከተማ አናቃጥልም! ግን ካርቶን፣ አሮጌ መጋረጃና ቀለም አያጡንም። መድረክ ላይ መውጣት የሚያፍር፣ ሥዕል ላይ ግን ጎበዝ የሆነ ልጅ በየክፍሉ አለ። ድራማ ክበብ ውስጥ ለእሱም ቦታ አለው።

አንድ ነገር ግን እንጠይቅ። ድራማ ሲያልቅ የሚጨበጨበው ለተዋንያን ብቻ ነው። መጋረጃ የሰፉት፣ ወንበር ያመላለሱት ስማቸው አይጠራም። ፊልም ሲያልቅ እኮ የሁሉም ስም ይጻፋል! በሚቀጥለው የወላጆች በዓል የእነሱም ስም በድምፅ ማጉያ ቢነበብ ምን ይላችኋል?

ሐሳባችሁን ጽፋችሁ ለክበባችን ስጡን።