ድምፅ አልባው የጃፓን ሲኒማና የካፋ ታሪክ

ስለ ጃፓን ሲነገር ብዙዎቻችን የምናስበው ፋብሪካዋን ነው። ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ በ1931 (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) በመልእክተኛነት ወደዚያች አገር በሄዱ ጊዜ ግን፣ ሕዝቧ በየሲኒማ ቤቱ ተሰብስቦ የጥንት ታሪኩን ይመለከት ነበር። ከዚህ እኛ ምን እንማራለን?

የቀድሞው ፊልም ድምፅ አልነበረውም፤ አዳራሹ ግን ዝም አይልም። ቤንሺ የሚባል ተራኪ ከሸራው አጠገብ ሆኖ ታሪኩን ይተርካል፤ ድምፁንም እየለዋወጠ ተዋናዮቹን ያናግራል። ስለዚህ አዲሱ መሣሪያ የቆየውን የትረካ ጥበብ አላጠፋውም፤ ሥራ ሰጠው እንጂ። ማኪኖ ሾዞ የተባለው አዘጋጅም ከ1909 ጀምሮ የካቡኪ ቴያትር ተጫዋች የነበረውን ኦኖኤ ማትሱኖሱኬን ይዞ የጥንት ጀግኖችን ታሪክ በፊልም አሳየ።

በ1925 ደግሞ ፉታጋዋ ቡንታሮ ያዘጋጀው «ኦሮቺ» ወጣ። በዚህ ፊልም አንድ ሳሙራይ፣ ማለት የጦረኛ ወገን ሰው፣ በቅንነት ያደረገው ሁሉ እየተጣመመበት ወንጀለኛ ይባላል፤ በመጨረሻም ብቻውን ከብዙዎች ጋር ተዋግቶ ይያዛል። እንግዲህ ዓለም ክፉ ያለው ሁሉ ክፉ ነውን?

ይህን ጥያቄ ወደ ቦንጋ እናምጣው። የካፋ የመጨረሻው ንጉሥ ጋኪ ሸሮቾ የራስ ወልደ ጊዮርጊስን ጦር ለወራት ከተቋቋሙ በኋላ በ1897 ተማረኩ፤ በ1919ም በግዞት እንዳሉ ሞቱ። አንዱ ወገን ዘመቻውን አገር ማቅናት ይለዋል፤ ሌላው መንግሥቱ የወደቀበትን ቀን ያስባል። መልካም የታሪክ ድራማ ሁለቱንም በአንድ መድረክ ያናግራል፤ ፍርዱን ግን ለተመልካቹ ይተዋል።

ነገር ግን አንድ ማስጠንቀቂያ አለ። ከድምፅ አልባው ዘመን የጃፓን ፊልሞች አብዛኞቹ ዛሬ የሉም፤ ከፊሉን የ1923 የመሬት መንቀጥቀጥ፣ ከፊሉን ጦርነት፣ ከፊሉንም ቸልተኝነት በላው። ማትሱኖሱኬ ከሠራቸው እጅግ ብዙ ፊልሞች የተረፉት ጥቂት ናቸው። በፊልም የተቀረጸው እንዲህ ከጠፋ፣ በሽማግሌ አንደበት ብቻ ያለው እንዴት ይሆናል?

ስለዚህ ለዕረፍት ወደ ካፋ የሚሄድ ጓደኛችን ደብተር ይያዝ። ሽማግሌዎችን ይጠይቅ፤ በካፊኖኖ የሰማውን በካፊኖኖ ይጻፍ፤ የተናገረውን ሰው ስምና ቀኑን አይዝለል። የድራማው ደራሲ ከዚያ በኋላ ይደርሳል፤ ሽማግሌው ግን አይጠብቅም።