የፓስፖርት እድሳት፦ ከአረፋ ገበያ ወደ ኋላ መቁጠር

በግ፣ ፍየል፣ ግመልና ቀንድ ከብት ድንበር ለማሻገር የሚያስፈልገው ወረቀት ብዙ ነው። የእንስሳት ጤና ምስክር ወረቀቱ፣ የባንክ ፈቃዱና የጉምሩክ ዲክላራሲዮኑ በየጭነቱ አዲስ ስለሚወጡ ነጋዴው አይዘነጋቸውም። ፓስፖርት ግን ለዓመታት ኪስ ውስጥ ይቀመጥና የሚታወሰው ሲፈለግ ብቻ ነው። ብዙ ጊዜ ደግሞ የሚፈለገው እንስሳቱ ተገዝተው፣ ኳራንቲን ገብተው፣ መኖ መብላት ከጀመሩ በኋላ ነው።

ይህ ትምህርት የአዋቂ ሰው መደበኛ የኢትዮጵያ ፓስፖርት እንዴት እንደሚታደስና የቁም እንስሳት ነጋዴ በተለይ ምን መጠንቀቅ እንዳለበት ያስረዳል። ዋናው ቁም ነገር አንድ ነው፤ የነጋዴ ፓስፖርት የሚታደሰው በደብተሩ ላይ የታተመው ቀን ሲደርስ ሳይሆን፣ ከሚቀጥለው ትልቅ ገበያ ወደ ኋላ ተቆጥሮ ነው።

የታተመው ቀንና የሚያሠራው ቀን

በፓስፖርቱ የፎቶ ገጽ ላይ ሁለት ቀኖች አሉ፤ የተሰጠበትና የሚያበቃበት። ብዙ ሰው ሁለተኛውን አይቶ «ገና ነው» ብሎ ይዘጋዋል። ሳዑዲ ዓረቢያንና የተባበሩት ዓረብ ኤምሬቶችን ጨምሮ ብዙ አገሮች ግን ወደ ግዛታቸው የሚገባ ሰው ፓስፖርት ቢያንስ የ6 ወር ዕድሜ እንዲቀረው ይጠይቃሉ። ይህን መጀመሪያ የሚያጣራው ደግሞ የተቀባዩ አገር ኬላ ሳይሆን አየር መንገዱ ነው። የመግቢያ ሁኔታ የማያሟላ መንገደኛ የጫነ አየር መንገድ ራሱ ስለሚቀጣና መንገደኛውን መልሶ ስለሚያመጣ፣ ቦሌ ላይ ያለው ሠራተኛ ለልመና ቦታ የለውም።

ስለዚህ ወደ ባሕረ ሰላጤው አገሮች ለሚመላለስ ነጋዴ የ5 ዓመት ፓስፖርት በተግባር የሚያሠራው 4 ዓመት ከ6 ወር ነው። የመጨረሻው ግማሽ ዓመት በደብተሩ ላይ ቢኖርም ለንግዱ የለም።

አንድ ምሳሌ ይታይ። ፓስፖርቱ የሚያበቃው በፈረንጆች መስከረም 15 ቀን 2027 ነው እንበል። ይህ በኢትዮጵያ አቆጣጠር መስከረም 4 ቀን 2020 ዓ.ም. ነው። ነጋዴው «እስከ አዲስ ዓመት ያደርሰኛል» ይላል። በ2019 ዓ.ም. የሚውለው አረፋ ደግሞ ግንቦት 8 ገደማ ነው፤ ጨረቃ በመታየቷ አንድ ቀን ወዲያ ወዲህ ሊል ይችላል። ለዚያ ገበያ ጅዳ ወይም ዱባይ ሄዶ ከገዢው ጋር ዋጋ ለመቁረጥ መጋቢት 20 አካባቢ መብረር አለበት። ያን ቀን ፓስፖርቱ የሚቀረው አምስት ወር ተኩል ያህል ብቻ ነው። የ6 ወሩ መስመር የታለፈው መጋቢት 6 ቀን ነበር። በሁለት ሳምንት ልዩነት ነጋዴው የዓመቱን ትልቅ ገበያ ከአገሩ ሆኖ ይመለከታል።

ሦስት አቆጣጠር በአንድ ንግድ

ስሕተቱ የሚመጣው ከስንፍና ብቻ አይደለም። የቁም እንስሳት ንግድ በሦስት የቀን አቆጣጠር ይሠራል። ነጋዴው ዕለት ተዕለት የሚያስበው በኢትዮጵያ አቆጣጠር ነው። ፓስፖርቱ የተጻፈው በፈረንጆች ነው። ገበያው የሚሞቀው ደግሞ በሂጅራ ነው። የሂጅራ ዓመት ከፀሐይ ዓመት 11 ቀን ያህል ስለሚያጥር አረፋ በየዓመቱ በዚያው ልክ ወደ ፊት እየቀደመ ይመጣል።

ከላይ ያለው ደብተር በመስከረም 2015 ዓ.ም. የወጣ ነው እንበል። ከመውጣቱ በፊት የነበረው አረፋ የዋለው ሐምሌ 2 ቀን 2014 ነበር። በ2019 ዓ.ም. ግን ግንቦት 8 ገደማ ይውላል። በአንድ ፓስፖርት ዕድሜ ውስጥ ገበያው 54 ቀን ያህል ተንቀሳቅሷል ማለት ነው። «ባለፈው ጊዜ ሰኔ ላይ አሳድሼ ደርሶልኛል» የሚለው ልምድ ዛሬ አያዋጣም።

መፍትሔው ቀላል ነው። ነጋዴው የሚያበቃበትን ቀን ወደ ኢትዮጵያ አቆጣጠር ይለውጥና 6 ወር ይቀንስ። የተገኘውን ቀን በንግድ ደብተሩ የመጀመሪያ ገጽ ላይ በቀይ ይጻፈው። እውነተኛው የማብቂያ ቀን ያ ነው። ከዚያ የሚቀጥለውን አረፋና ረመዳን ያሰላና ማመልከቻው ከእነዚህ ቢያንስ ከሦስትና ከአራት ወር በፊት ገበያው በቀዘቀዘበት ወቅት እንዲገባ ያድርግ። በምሳሌው መሠረት ጥሩው ጊዜ ኅዳር 2019 ነው።

እድሳቱ ደረጃ በደረጃ

እድሳት ሲባል በድሮው ደብተር ላይ ማህተም መጨመር አይደለም፤ አዲስ ቁጥር ያለው አዲስ ደብተር ማውጣት ነው። ከየካቲት 2017 ዓ.ም. ወዲህ ደግሞ ማይክሮ ቺፕ ያለው ኤሌክትሮኒክ ፓስፖርት ሥራ ላይ ውሏል። ጊዜው ያላለፈ የቀድሞው ዓይነት ደብተር እስኪያበቃ ድረስ ያገለግላል። ስለዚህ «አዲሱ መጥቷል» በሚል ወሬ ብቻ ተጣድፎ መቀየር አያስፈልግም።

ማመልከቻው የሚገባው በኢሚግሬሽንና ዜግነት አገልግሎት ይፋዊ ድረ ገጽ ነው። የመንግሥት ድረ ገጽ አድራሻ የሚያልቀው በ«ጎቭ ነጥብ ኢቲ» ስለሆነ፣ በሌላ የሚያልቅ ገጽ ላይ የግል መረጃ መሙላት አደጋ አለው። በድረ ገጹ ላይ «እድሳት» የሚለው ተመርጦ ቅጹ ይሞላል፤ የነባሩ ፓስፖርት የፎቶ ገጽና የመታወቂያ ቅጂ ይያያዛል። የፋይዳ መታወቂያ በብዙ አገልግሎቶች እየተጠየቀ ስለሆነ ያላወጣ ነጋዴ እሱን ማስቀደም ይበጀዋል። ከዚያ የሚቀርብበት ጽሕፈት ቤትና የቀጠሮ ቀን ይመረጣል፤ ክፍያው በባንክ ወይም በቴሌብር ይፈጸማል፤ አመልካቹም በቀጠሮው ቀን በአካል ቀርቦ አሻራና ፎቶ ይሰጣል።

አዲስ አበባ ድረስ መሄድ ግዴታ አይደለም። አገልግሎቱ ድሬዳዋ፣ ጅግጅጋ፣ ሰመራና ሐዋሳን ጨምሮ በክልል ከተሞች ቅርንጫፎች አሉት። ለሶማሌና ለአፋር መስመር ነጋዴ ይህ የበርካታ ቀናት ወጪ ይቆጥባል።

ክፍያው መደበኛና አስቸኳይ ተብሎ ይለያል። የአስቸኳዩ ዋጋ ከመደበኛው በብዙ እጥፍ ይበልጣል። ቀኑን ቀድሞ የቆጠረ ነጋዴ የሚከፍለው መደበኛውን ነው።

ቅጹን በደላላ ማስሞላት የተለመደ ነው። የሚሞላው ሰው የሚታመን ቢሆን እንኳ ሦስት ነገር ከነጋዴው እጅ መውጣት የለበትም፤ የማመልከቻ ቁጥሩ፣ መልእክት የሚገባበት ስልክ ቁጥርና የቴሌብር ሚስጥር ቁጥሩ። በደላላው ስልክ ቁጥር የተመዘገበ ማመልከቻ ፓስፖርቱ ሲደርስ የሚያውቀው ደላላው ብቻ ይሆናል።

ስምና የትውልድ ቀን

በእድሳት ጊዜ ብዙ ጣጣ የሚያመጡት ሁለት መስመሮች ናቸው። የመጀመሪያው ስም ነው። «መሐመድ» በላቲን ፊደል ቢያንስ በአራት ዓይነት ይጻፋል። «አብዲ»፣ «ሁሴን»ና «ዩሱፍም» እንዲሁ። በነባሩ ፓስፖርት ላይ ያለው አጻጻፍ ከባንክ ሒሳቡ፣ ከወጪ ንግድ ፈቃዱና ከገዢው ጋር ከተፈረመው ውል ጋር ተገጣጥሞ ቆይቷል። አዲሱ በአንዲት ፊደል ቢለይ ባንኩ የኤልሲ ሰነዱን «ስም አይገጥምም» ብሎ ሊመልስ ይችላል። ስለዚህ ስሙ የሚሞላው በጆሮ እየተሰማ ሳይሆን ከነባሩ ደብተር ላይ ፊደል በፊደል እየታየ ነው።

ሁለተኛው የትውልድ ቀን ነው። የቀበሌ መታወቂያ ላይ ብዙ ጊዜ በኢትዮጵያ አቆጣጠር ተጽፎ ይገኛል፤ ፓስፖርት ላይ በፈረንጆች ነው። መታወቂያውን አይቶ እንዳለ የገለበጠ ሰው ራሱን በሰባት ወይም በስምንት ዓመት ያስረጃል። እንዲህ ያለው ስሕተት ከወጣ በኋላ ማረም የራሱ ማስረጃ፣ ክፍያና ቀጠሮ ያለው ሌላ ጉዳይ ነው።

ቁጥሩ ሲቀየር አብሮ የሚነካካው

አዲሱ ደብተር አዲስ ቁጥር አለው። በድሮው ቁጥር የተመዘገበው ሁሉ አብሮ ይነካካል። ያላለቀ ቪዛ ወይም የመኖሪያ ፈቃድ ያለበት ነባር ደብተር ከተሰረዘም በኋላ አይጣልም፤ ከአዲሱ ጋር አብሮ ይያዛል። ቪዛው ወደ አዲሱ ቁጥር መዛወር እንዳለበትና እንደሌለበት ከመሳፈር በፊት የሰጠውን አገር ኤምባሲ መጠየቅ ያስፈልጋል። በባንክ፣ በገዢው ድርጅትና በማጓጓዣ ወኪሉ ዘንድ ያለው የፓስፖርት ቅጂም በአዲሱ ይተካ።

የቢጫ ወባ ክትባት ካርድ ግን በፓስፖርት እድሳት ምክንያት አይበላሽም። ከ2016 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በዓለም አቀፍ ደንብ መሠረት አንድ ጊዜ የተሰጠ የቢጫ ወባ ክትባት ዕድሜ ልክ ያገለግላል። «ፓስፖርትህ ስለተቀየረ እንደገና ተከተብ» ብሎ ገንዘብ የሚጠይቅ ቢመጣ ይህን ማስታወስ ነው።

ቪዛ የለም ማለት ፓስፖርት የለም ማለት አይደለም

ኢትዮጵያውያን ወደ ኬንያ ያለ ቪዛ ይገባሉ። በዚህ ምክንያት በሞያሌ መስመር የሚሠሩ አንዳንድ ነጋዴዎች ፓስፖርት የማያስፈልግ ይመስላቸዋል። በድንበሩ ወዲያና ወዲህ ያለው ነዋሪ ለግጦሽ፣ ለውሃና ለትንሽ ገበያ ይሻገራል፤ ያ ግን የድንበር አካባቢ እንቅስቃሴ ነው። ከሞያሌ አልፎ ናይሮቢ ድረስ በሬ ተከትሎ የሚወርድ፣ ሆቴል የሚያድር፣ ባንክ የሚገባ ነጋዴ የሚያገለግል ፓስፖርትና የመግቢያ ማህተም ያስፈልገዋል። የኢጋድ አባል አገሮች የሰዎችን ነጻ እንቅስቃሴ በሚመለከት ፕሮቶኮል ላይ በ2020 እ.ኤ.አ. ተስማምተዋል፤ ይሁንና ኬላ ላይ ዛሬ የሚጠየቀው ፓስፖርት ነው።

በየብስ የሚመላለስ ነጋዴ ሌላም ነገር አለበት። በየመሻገሪያው የመግቢያና የመውጫ ማህተም ስለሚመታ ደብተሩ ቀኑ ሳይደርስ ገጹ ያልቃል። ባዶ ገጽ ሁለት ብቻ ሲቀር የእድሳት ጊዜ ደርሷል ማለት ነው። በላብና በዝናብ የራሰ፣ ጠርዙ የተላጠ ወይም የፎቶ ገጹ የተሰነጠቀ ደብተርም ቀን ቢኖረው እንኳ ውድቅ ሊደረግ ይችላል። ቺፕ ያለውን ደግሞ ማጠፍና መጠምዘዝ ክልክል ነው።

ከአገር ውጭ ሳሉ ቢያልቅ ወይም ቢጠፋ

በጅቡቲ፣ በሐርጌሳ፣ በናይሮቢ፣ በጅዳና በዱባይ ያሉት የኢትዮጵያ ኤምባሲዎችና ቆንስላዎች የእድሳት ማመልከቻ ይቀበላሉ። ደብተሩ ግን የሚታተመው አገር ቤት ስለሆነ የመጠበቂያው ጊዜ ይረዝማል። የጠፋበት ሰው መጀመሪያ ለአካባቢው ፖሊስ አመልክቶ ማስረጃ ይያዝ። ቆንስላው የሚሰጠው ሊሴ ፓሴ ወደ አገር ቤት መመለሻ ብቻ ነው፤ በእሱ ወደ ሦስተኛ አገር ሄዶ ገበያ መጨረስ አይቻልም።

ለብድር ወይም ለዱቤ መያዣ ፓስፖርትን ለአበዳሪ ማስያዝም ሊቀር ይገባዋል። ደብተሩ የመንግሥት ንብረት ነው፤ አበዳሪው ቢሰወር ባለ ዕዳው ገንዘቡንም መንገዱንም ያጣል።

እንስሳቱ ቆመው ፓስፖርቱ ባይደርስ

ሒሳቡ እንዲህ ነው። 300 በጎች ኳራንቲን ውስጥ ባለቤታቸውን 10 ቀን ተጨማሪ ጠበቁ እንበል። ለመኖ፣ ለውሃና ለጥበቃ ለአንዱ በግ በቀን 40 ብር ቢወጣ ጠቅላላው 120,000 ብር ይሆናል። በጎቹ የሚቀንሱት ሥጋና ያመለጠው የመርከብ ቀን አልተጨመረም።

ለዚህ ዋስትናው ውክልና ነው። ማመልከቻው በገባበት ሳምንት ለሚታመን ሸሪክ ወይም ቤተሰብ በሰነዶች ማረጋገጫ የጸደቀ ውክልና ቢሰጥ፣ ሚሌም ሆነ ዳመርጆግ ወይም በርበራ ላይ ያለውን ጉዳይ ባለ ፓስፖርቱ ሳይገኝ መጨረስ ይቻላል። ውክልናው ውጭ አገር የሚያገለግል ከሆነ በውጭ ጉዳይ ሚኒስቴርና በተቀባዩ አገር ኤምባሲ መረጋገጥ አለበት። በውክልናው ላይ ዋጋ መቁረጥ፣ ገንዘብ መቀበልና ሰነድ መፈረም ተለይተው ይጻፉ፤ «ሁሉን እንዲሠራ» የሚል ብቻ ብዙ ቦታ አይበቃም።

መልመጃ

እያንዳንዱ ነጋዴ ዛሬ ማታ ፓስፖርቱን አውጥቶ አራት ጥያቄ ይመልስ።

1. የሚያበቃበት ቀን በኢትዮጵያ አቆጣጠር መቼ ነው? 6 ወር ሲቀነስስ?

2. ያ ቀን ከሚቀጥለው አረፋ በፊት ነው ወይስ በኋላ?

3. ስንት ባዶ ገጽ ቀርቷል?

4. ስሙ በባንክ ሒሳቡና በንግድ ፈቃዱ ላይ ካለው ጋር ፊደል በፊደል ይገጥማል?

የሁለተኛው መልስ «በፊት» ከሆነ ወይም ከአረፋው በኋላ ቢሆንም በጥቂት ሳምንት ብቻ ከሆነ፣ እድሳቱ ከሚቀጥለው የእንስሳት ግዢ መቅደም አለበት።